ለዱጉማ ማን ይንገረው

አቃቂ በሰቃ፣ መስከረም 19 ቀን 1964 ዓ.ም.

ይድረስ ለጋሽ ጉተማ፤ ድሬዳዋ

ኳስ ተጫዋች እግሩ ማርጀቱን ማን ነው የሚነግረው? ይህን ጥያቄ እርስዎም ሳይጠይቁት አልቀሩም፤ ሜዳ ዳር ቆሞ «ይሄ ሰውዬ እስከ መቼ ነው?» ያላለ የአቃቂ ሰው የለም። ጮክ ብሎ ያለው ግን የለም።

ሰላምታውን ማስቀደም እንደነበረብኝ አውቃለሁ፤ ይቅርታ ያድርጉልኝ። ከዩኒቨርሲቲ ከወጣሁ ሦስት ወር ሆኖኛል፣ ትዕግሥቴ ግን ከእኔ ቀድማ ነው የወጣችው። እንደምን ሰነበቱ? ሙቀቱ እንዴት ይዞዎታል? እትዬ ፀሐይቱስ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ዱጉማም ደህና ነው፣ ሰላም ብሎዎታል።

«ፈረንጁ ወንበሩን ለመደው ወይ?» ብለው ጠይቀውኛል። አልለመደውም። ወንበሩ ላይ ተቀምጦም አይቼው አላውቅም።

ጋሽ ጉተማ፣ እርስዎ በሐምሌው የኮሚቴ ስብሰባ ላይ ያሉት እስከ ዛሬ ጆሮዬ ላይ አለ። ሚስተር ታውኖ የሽቦ መሳቢያውን መኪና ሊተክል ከፊንላንድ መጥቶ፣ አገሬ ሳለሁ ተከላካይ ነበርኩ ብሎ ማልያችንን ከለበሰ አራት ዓመቱ። ሁለቱን ዓመት እንደ ግንብ ቆመልን። ከዚያ ጉልበቱ ከዳው። ባለፈው ዓመትማ ኳስ በአጠገቡ ስታልፍ ዞሮ የሚሸኛት ሆኖ ነበር። «ከአገሩ ርቆ የመጣን ሰው ጨርሰሃል አይባልም፤ ሰው ከሜዳ በክብር የሚወጣው በሹመት ነው» ብለው እርስዎ ደብዳቤውን አረቀቁ፣ እኔ በእንግሊዝኛ ገለበጥኩት። የበሰቃ ሚስማርና ሽቦ ፋብሪካ የእግር ኳስ ክለብ ሥራ አስኪያጅ። ሹመቱ አንድ ወንበር፣ አንድ ጠረጴዛና አንድ ማኅተም ነበር። የቀረውን ሥራ እኔ ምክትሉ ሆኜ ልሠራው፣ እንዲህ ተባብለን ነው እርስዎም በነሐሴ ወደ ድሬዳዋ የሄዱት።

ችግሩ፣ ሰውየው ደብዳቤውን አመነው።

ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ፣ የሌሊቱ ፈረቃ ሳይወጣ፣ ሜዳ ላይ ነው። ማልያ ከእንግዲህ በየቤታችሁ እጠቡ አለ። አሰላለፍ የምጽፈው እኔ ነኝ አለ። የኮሚቴው አቶ ቡልቻ እንደ ልማዳቸው ዓርብ መጥተው «ለእሑድ የእህቴን ልጅ አስገቡት» ሲሉ አመሰግናለሁ ብሎ ወረቀታቸውን አጥፎ ኪሱ ከተተው። አቶ ቡልቻም ተቀበለኝ ብለው ደስ ብሏቸው ሄዱ። እሑድ የእህታቸው ልጅ የለም። አሁን መንገድ ላይ ሲያዩኝ ባርኔጣቸውን አያነሱልኝም፤ እኔ ምን አደረግሁ?

ሌላም አለ። የያንዳንዱን ተጫዋች ጉድለት በወረቀት ጽፎ «በአማርኛ ጮክ ብለህ አንብብላቸው» አለኝ። «ቀርፋፋ ነው» የሚለውን «አስቦ ይራመዳል»፣ «ኳስ ለሰው አይሰጥም» የሚለውን «ኳስ ይወዳል» እያልኩ አነበብኩ። ሁሉም ፊታቸው በርቶ ወጣ። «ለምንድን ነው ደስ ያላቸው?» ብሎ አፈጠጠብኝ።

እና አሁን እኔ ምንድን ነኝ? ሥራ አመራር አጥንቼ ምላስ ሆንኩ። ክለቡን ወዴት እንደምወስደው አሥራ ሁለት ገጽ ጽፌ መሳቢያ ውስጥ አለ፤ የሚጠይቀኝ የለም። ምክትል ሥራ አስኪያጅ ያሉትን ነገር ለፋብሪካው አስተዳደር አንድ መስመር ቢጽፉልኝ ምን ይመስልዎታል?

አክባሪዎ ቀናው


ድሬዳዋ፣ ጥቅምት 3 ቀን 1964 ዓ.ም.

ለልጄ ለቀናው

ደብዳቤህን ከሊቶሪናው ባቡር ሹፌር እጅ ተቀበልሁ። ሰላምታን ከጥያቄ በኋላ ማስከተል ዩኒቨርሲቲ ያስተማረህ ከሆነ የአባትህ ልፋት ያሳዝነኛል። ሙቀቱን ጠይቀሃል፤ ሙቀቱ ደህና ነው፣ ከእኔ በፊትም ነበረ።

ፈረንጁን ተወው። አዲስ ጫማ የገዛ ሰው መጀመሪያ ሰሞን ጭቃ እየዘለለ ነው የሚሄደው፤ ኋላ እሱም ይረግጠዋል። ብቻ ስለ ሹመቱ ምክንያት ትንፍሽ እንዳትል። ሰው ሲሾም ደስ ብሎት ይቀመጥ እንጂ ለምን እንደ ተሾመ አይነገረውም። ይህን ያህል እንኳ ይሉኝታ ከሌለን ከእነሱ በምን ተሻልን?

ያልጠየቅሁህን በሁለት ገጽ ነገርኸኝ፣ የጠየቅሁህን በአንድ መስመር አለፍኸው። «ዱጉማ ደህና ነው፣ ሰላም ብሎዎታል» ትላለህ። ዱጉማ ወንድሜ ነው፣ አባታችን ሲሞት የሰባት ዓመት ልጅ ነበር፤ እኔ ነኝ ያሳደግሁት። እስከ ዛሬ ሰላም በሉልኝ ብሎ አያውቅም። አሁንም ግራ ክንፍ ላይ ይሮጣል ወይ? አምበልነቱስ? ለእኔ የሚጽፍልኝ «ደህና ነኝ፣ ደህና ሁን» ብቻ ነው፣ እሱንም በትልልቅ ፊደል።

ሌላውን ጉዳይህን ስንገናኝ እናወራዋለን።

ጉተማ


አቃቂ በሰቃ፣ ኅዳር 8 ቀን 1964 ዓ.ም.

ይድረስ ለጋሽ ጉተማ

ጤና ይስጥልኝ። አንድ ወር ሙሉ ሳልጽፍ በመቅረቴ ይቅርታ እጠይቃለሁ። ሥራ በዝቶብኝ ነው ብል እግዜር ይታዘበኛል። ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስቱንም ጊዜ ዱጉማ የሚለው ስም ላይ ስደርስ አቆምኩ። ሁለተኛው ደብዳቤዎ «ልጁ ሞቷል እንዴ?» ስለሚል ግን አሁን ልጻፍ። ኧረ አልሞተም። አይሮጥም እንጂ።

በጥቅምት አጋማሽ ሚስተር ታውኖ ዱጉማን ቢሮ አስጠራው። ዱጉማ ማልያውን አጥቦ፣ ተኩሶ፣ አጣጥፎ ይዞ መጣ። ማልያ እጠቡ የተባለውን የፈጸመ እሱ ብቻ ስለ ነበር የሚመሰገን መስሎታል። ሚስተር ታውኖ ቆሞ፣ ዓይን ዓይኑን እያየ፣ «ጥሩ ተጫዋች ነበርክ። አሁን እግርህ አልቋል። ከእሑድ ጀምሮ አትሰለፍም» አለና ወደ እኔ ዞረ።

እርስዎ ቢሆኑ ምን ይሉ ነበር? ሠላሳ አምስት ዓመት የሞላው፣ ልጅ ሆኜ ከአጥር ላይ ሆኜ የማጨበጭብለት ሰው፣ የተተኮሰ ማልያ ይዞ ፊቴ ቆሟል። «ለጊዜው ትንሽ ዕረፍ ይልሃል» አልኩት። ዱጉማም «እውነቱን ነው፣ ጉንፋን ይዞኝ ነበር» ብሎ አመስግኖ ወጣ። ሚስተር ታውኖ «እንዴት ያለ ጠንካራ ሰው ነው» ብሎ ተደነቀ። ሁለቱም ደስ ብሏቸው ተለያዩ፤ እኔ ብቻ ነኝ ወንበር ይዤ የቆምኩት።

ዱጉማ አንድ እሑድ አረፈ። በሁለተኛው እሑድ ለብሶ መጣ። ቦታው ለሌላ ተሰጥቷል፤ ያ ደግሞ አዲስ ማልያ ታድሎታል። ሁለት አሥራ አንድ ቁጥር ሜዳ ገባ። ዳኛው ፊሽካውን አፉ ላይ እንደያዘ አንዴ ይህን አንዴ ያንን ያያል። ከተመልካቹ አንዱ «ሚስማር ፋብሪካ አይደል፣ በገፍ ነው የሚያመርተው» አለና ሰዉ ሳቀ። ዱጉማ ሳቁን ሰማ። ሳይነግሩት ብቻውን ወጣ።

ከዚያ ወዲህ ሜዳ አልመጣም። መኪናው ላይ ይሠራል፣ ቤቱ ይገባል፣ ሰው አያናግርም። ሚስቱ አሰፋች ገበያ መንገድ ላይ አግኝታኝ «ቀናው፣ ምን ቢያጠፋ ነው የጠላችሁት?» አለችኝ። እኔ ደግሞ ቸኩያለሁ ብዬ አለፍኳት። የምቸኩልበት ቦታ አልነበረኝም።

ሚስተር ታውኖም ደርሶበታል። «እኔ ያልኩት ሌላ፣ አንተ ያልከው ሌላ» ብሎ ለሁለት ቀን ዘጋኝ፤ እኔን ሲዘጋ አፉም አብሮ ስለሚዘጋ በምልክት ሲያሠለጥን ሰነበተ። እባክዎ ምን ላድርግ?

ቀናው


ድሬዳዋ፣ ኅዳር 14 ቀን 1964 ዓ.ም.

ለቀናው

ሁለት አሥራ አንድ ቁጥር። ይህን ካነበብሁ ወዲህ እህል አልጣመኝም።

ትንሽ ዕረፍ ያልኸው አንተ፣ ሳቁን የሰማው እሱ። እኔ አለስልስ ያልሁህ እንድታሳምር ነው እንጂ እንድትዋሽ ነው? ልዩነቱን ካላወቅኸው ዩኒቨርሲቲ አራት ዓመት ምን ስትሠራ ቆየህ?

የሆነው ሆኗል። በዚሁ ባቡር ለአቶ ቡልቻ ጽፌያለሁ። ሁለት ሽማግሌ ጨምረው ፈረንጁ ዘንድ ይሄዳሉ። የሚጠይቁት አንድ ነገር ነው፤ ዱጉማ ምክትል ሥራ አስኪያጅ ይባል። በክብር ይወጣል፣ አሰፋችም አንገቷን ቀና አድርጋ ገበያ ትሄዳለች።

ያን ቦታ ለማን ብዬ እንደ ነበር አልረሳሁም። አንተ ልጅ ነህ፣ ወረቀት አለህ፣ ዛሬ ባታገኘው ነገ ታገኘዋለህ። እሱ ከእግሩ ሌላ ምን አለው? አንተው ታስተረጉማለህ። አደራ።

ጉተማ


አቃቂ በሰቃ፣ ኅዳር 29 ቀን 1964 ዓ.ም.

ይድረስ ለጋሽ ጉተማ

ጤና ይስጥልኝ። «ሽማግሌዎቹ ምን ይዘው ተመለሱ?» ብለው በባቡሩ ሹም በኩል የላኩት ደርሶኛል። ምን ይዘው እንደ ተመለሱ ራሳቸውም አያውቁም። እንደ ሆነው ልንገርዎት።

ቅዳሜ በአራት ሰዓት ሦስቱም ነጭ ጋቢያቸውን ለብሰው መጡ። ቢሮው ውስጥ ገብተው ቆሙ። ሽማግሌ የመጣበትን ሳያገኝ እንደማይቀመጥ እርስዎ ያውቃሉ፣ እኔም አውቃለሁ፣ ለሚስተር ታውኖ ግን ማን ይንገረው? ሮጦ ከሒሳብ ክፍል ሦስት ወንበር አመጣ። አልተቀመጡም። ወንበሩ የከበዳቸው መስሎት አቧራውን በመሐረቡ ጠረገ። አልተቀመጡም። እንግዳ ቆሞ እኔ አልቀመጥም ብሎ እሱም ቆመ። አራት ወንበር፣ አምስት ሰው፣ የተቀመጠ የለም። እንዲህ ሆነን ግማሽ ሰዓት አለፈ። ያ ጉልበቱ ሱሪው ውስጥ ሲንቀጠቀጥ ይታየኛል።

አቶ ቡልቻ ስለ አገር ሰላም፣ ስለ ዝናቡ፣ ስለ ፋብሪካው በረከት ተናግረው ሲያበቁ፣ «ዱጉማን ምክትልህ አድርግልን» አሉ። አስተረጎምኩ።

«ምክትል ምን ይሠራል?» አለ ሚስተር ታውኖ።

«ምንም» አሉ አቶ ቡልቻ፣ ኮራ ብለው።

«ምንም የማይሠራ ሰው ለምን ይሾማል?»

አቶ ቡልቻ ፈገግ አሉ። ልጅ ሞኝ ጥያቄ ሲጠይቃቸው ፈገግ እንደሚሉት። «ኧረ ልጄ፣ አንተንስ ጉልበትህ ቢከዳህ አይደል የሾምንህ? በክብር ከሜዳ አወጣንህ። ምን ተጎዳህ? ለወንድምህም እንዲሁ አድርግለት» አሉ።

ደንግጬ ነው መሰለኝ፣ አመለጠኝ። እንዳለ አስተረጎምኩት።

ሚስተር ታውኖ ተቀመጠ። በቃ፣ እግሩ የከዳው ሰው እንደሚቀመጠው ዝርፍጥ አለ። ሽማግሌዎቹ እሱ ሲቀመጥ እሺ ያለ መሰላቸው። እነሱም ደስ ብሏቸው ተቀመጡ፣ አቶ ቡልቻ እጃቸውን ዘርግተው መረቁት፣ «ዘርህ ይባረክ፣ ጉልበትህ ይጽና» አሉና ተነሥተው ወጡ። እሱ ምርቃቱ ሁሉ አለፈው፤ ግድግዳውን ያይ ነበር። ሲወጡ የጠየቀኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «አንተም ታውቅ ነበር?» አለኝ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አቃቂ በሙሉ ዱጉማ ተሾመ ይላል። ሰው እየሄደ እንኳን ደስ ያለህ ይለዋል፣ አሰፋች ጠላ ጠምቃለች አሉ። ሚስተር ታውኖ ግን እሺ አላለም። አላለም፣ ጋሽ ጉተማ። ተቀመጠ እንጂ።

ቀናው


አቃቂ በሰቃ፣ ታኅሣሥ 6 ቀን 1964 ዓ.ም.

ለአቶ ጉተማ

እኔ ታውኖ ነኝ። እኔ እናገራለሁ፣ ቀናው ይጽፋል። ሲጨርስ ወደ እንግሊዝኛ እየመለሰ እንዲያነብልኝ አደርጋለሁ፤ ሁለት ጊዜ፣ በሁለት የተለያየ ቀን።

የሹመቴን ደብዳቤ የጻፉት እርስዎ ነዎት አሉኝ። ያን ደብዳቤ ለእናቴ ልኬላት ነበር፤ ወጥ ቤቷ ግድግዳ ላይ ሰቅላዋለች። አሁን አውርጂው ብዬ ልጻፍላት ወይስ ልተወው፣ አላውቅም።

አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ሳለ አንድ አሰልጣኝ «አንተ ለዋናው ቡድን አትበቃም» አለኝ። አንድ ሳምንት ጠላሁት፣ ከዚያ ሌላ ክለብ ሄጄ አሥር ዓመት ተጫወትኩ። እናንተን ለስንት ሳምንት እንደምጠላ ለማወቅ ማንን እንደምጠላ ማወቅ አለብኝ። ሁላችሁም ደግ ናችሁ። ሁላችሁም ሻይ ጋብዛችሁኛል።

ሥራውን አልለቅም። ለምንም ብላችሁ ስጡኝ፣ የሰጣችሁኝ ሥራ ነው፣ እየሠራሁት ነው።

ሁለት ነገር እፈልጋለሁ። አንደኛ፣ የትኛው ጨዋታ ላይ ነው ያለቀልኝ? ቀኑን ይንገሩኝ።

ሁለተኛው ስለ ወንድምዎ ነው። ሰኞ የፋብሪካው በር ላይ ጠበቀኝ። «ተሾምክ ይሉኛል፣ ምን ተብዬ እንደ ተሾምኩ የሚነግረኝ የለም። እግሬ ነው ወይስ ተጠልቼ ነው?» አለኝ። እግርህ ነው፣ ማንም አልጠላህም አልኩት። ቀናውን አየና «የዚህን ልጅ አፍ አላምንም፣ አንተም በዚህ ልጅ አፍ ነው የምትናገረው» አለ። እውነቱን ነው። የሚያምነው አንድ ሰው ነው፣ ያሳደገው። ይጻፉለት። እስኪጽፉለት ድረስ አልሾመውም፣ አላሰልፈውም፤ ሽማግሌ ቢመጣም ወንበር አላመጣም።

ታውኖ

ጋሽ ጉተማ፣ ከዚህ በታች ያለው የእኔ ነው። እሱ አንተና አንቱ አያውቅም፣ «እርስዎ» ያልኩት እኔ ነኝ፤ ሌላው እንዳለ የእሱ ነው። እና አመለጠኝ ያልኩዎት ውሸት ነው። አቶ ቡልቻ ያን ሲሉ ማለስለሻው ቃል አፌ ውስጥ ነበር። ምክትልነቱ ለዱጉማ ሊሰጥ ነው፣ ፈረንጁ ከተቆጣ አይሰጥም፣ ይህን አሰብኩና ቃሉን ዋጥኩት። እውነት የተናገርኩት ያን ቀን ብቻ ነው፣ እሱንም ለራሴ ብዬ። ይህን የጻፍኩት ማንም አዝዞኝ አይደለም።

ቀናው


ድሬዳዋ፣ ታኅሣሥ 18 ቀን 1964 ዓ.ም.

ለሚስተር ታውኖ። ቀናው እንደ ተጻፈ ያንብብልዎ።

ግንቦት 8 ቀን፣ ደብረ ዘይት ላይ፣ ከዕረፍት በኋላ። አጥቂያቸው ኳሷን በቀኝዎ አሳለፋት፣ እርስዎ በግራ ዞሩ። እኔ ባርኔጣዬን ዓይኔ ላይ ሳብ አደረግሁ። ያን ጊዜ ነው። በማግስቱ ልነግርዎት መጥቼ ነበር፤ ስለ ዝናብ አውርተን፣ ሻይ ጠጥተን ወጣሁ። እናትዎ ደብዳቤውን አያውርዱት። የተጻፈበት ምክንያት ሐሰት ነበር፣ ዛሬ ግን ደብዳቤው ራሱ እውነት ሆኗል፤ ሁለተኛ ዲቪዚዮን ላይ አንደኛ ናችሁ አሉኝ።

ለአንተ ለቀናው። አመለጠኝ ያልኸውን ገና ስታነሣው ነው ያላመንሁህ። ቃል የሚያመልጠው አስተርጓሚ አላየሁም። እንድቆጣህ ከፈለግህ ጊዜ የለኝም፤ የምቆጣው ሌላ ሰው አለ።

ሳምንት ሙሉ ይህችን «እግሬ ነው ወይስ ተጠልቼ ነው» የምትለውን ሳገላብጥ ሰነበትሁ። ለምን እንደ ከበደችኝ ልንገርህ፣ ለማንም እንዳታነባት። ሃያ ሁለት ዓመት ከሠራሁበት ፋብሪካ «የድሬዳዋ ቅርንጫፍ ኃላፊ» ተብዬ ስሾም አጨብጭበው ሸኙኝ፣ አንተም አጨብጭበሃል። ቅርንጫፉ አንድ መጋዘን ነው። የማዝዘው አንድ ዘበኛ ነው፣ እሱም ከእኔ በፊት ያለ ኃላፊ ደህና ይሠራ ነበር። በቀን አሥር ጊዜ እጠይቃለሁ። ዓይኔ ነው? ዕድሜዬ ነው? አንድ ቀን ለአንድ ሰው ያልሁት ነገር ነው? ሰው የሾመውን ሰው ምን አጠፋሁ ብሎ አይጠይቅም፣ ምስጋና ቢስ ያስብላል። ይህን ነገር ለፈረንጁ በገዛ እጄ አደረግሁት፣ ለወንድሜ ደግሞ ሽማግሌ ልኬ ላደርገው ነበር።

ለዱጉማ የጻፍሁት አብሮ ታሽጓል። ሰባት ጊዜ ቀድጄ ነው ስምንተኛው የቀረው። አትክፈተው። ስትሰጠው አጠገቡ ቁም፣ አፍህን ግን ዝጋ።

ጉተማ


አቃቂ በሰቃ፣ ጥር 2 ቀን 1964 ዓ.ም.

ይድረስ ለጋሽ ጉተማ

እንኳን ለልደቱ በሰላም አደረሰዎ፤ ለእትዬ ፀሐይቱም እንዲሁ። «ሰጠኸው ወይ? ምን አለ?» ብለው በአንድ ሳምንት ሁለት ጊዜ ጽፈዋል። ከበዓሉ በፊት ልመልስ አስቤ ነበር፤ ዱጉማ «እኔ ሳልፈቅድልህ አንድ ቃል እንዳትጽፍ» ስላለኝ ነው የዘገየሁት። ዛሬ ፈቀደልኝ።

ሰጠሁት። መኪናውን አስቁሞ፣ እጁን በጨርቅ ጠርጎ፣ የሽቦ ጥቅልል ላይ ተቀምጦ አነበበው። አጭር ነበር መሰለኝ፣ ግን ብዙ ቆየበት። እኔ እንዳዘዙኝ አፌን ዘጋሁ። በኋላ ራሱ፣ «ጨርሰሃል ይላል» አለኝ። «ጨርሰሃል፣ ባለፈው ዓመት ነው የጨረስከው፣ አይቼ ዝም አልኩህ ይላል።» ቀጥሎም፣ «ከሄደ አራት ደብዳቤ ላከልኝ። ደህና ነኝ፣ ደህና ሁን። ደብዳቤ የጻፈልኝ ዛሬ ነው» አለ።

አለቀሰ እንዳልልዎት አላለቀሰም። ደስ አለው እንዳልልዎትም ደስ አላለውም። ከመነሣቱ በፊት ወደ እኔ ዞሮ፣ «ትንሽ ዕረፍ ያልከኝን ግን አልረሳልህም» አለኝ፤ በሰላምታም እስካሁን እጁን አልሰጠኝም። ይገባኛል።

በማግስቱ ጣቢያው አጠገብ ካለው ሻይ ቤት ገብቶ፣ ሰው እንኳን ደስ ያለህ ሲለው፣ «አልተሾምኩም። እግሬ ደክሞ ነው የወጣሁት» አለ። እዚያ እንዲህ ሲባል የሰማ ሰው የለም። አቶ ቡልቻ «የተሰጠውን ክብር መሬት ጣለው» ብለው ተቀይመዋል፣ ሊያስታርቃቸው የሚችል ሽማግሌ ደግሞ ራሳቸው ናቸው። አሰፋች ጠላውን ምን እንደምታደርገው ግራ ገብቷት ለሁላችንም አደለችን። ባለፈው እሑድ ዱጉማ ሜዳ ዳር መጥቶ፣ ቦታውን የያዘውን ልጅ «በግራህ፣ በግራህ፣ አንተ ድንጋይ» እያለ ሲሰድበው ዋለ። ልጁም በግራው አንድ አገባ። ሚስተር ታውኖ «ምን እያለው ነው?» አለኝ። እንዳለ ነገርኩት። «ትክክል ነው» አለ።

ስለ ምክትልነቱም ጠይቀውኛል። ራሴ ሄጄ ሚስተር ታውኖን ጠየቅሁት፣ አሥራ ሁለቱን ገጼንም አሳየሁት። አይሆንም አለኝ። «ስትፈራ ታለሰልሳለህ፣ ሲጠቅምህ ታጠነክራለህ። እንዲህ ያለ ሰው ተጫዋች ፊት አላቆምም። አንድ ዓመት ልይህ፣ ከዚያ ጠይቀኝ» አለ። ገጹን ግን አልመለሰልኝም፤ ሦስተኛው ገጽ ጥሩ ነው፣ የቀረው ወሬ ነው ብሎ መሳቢያው ውስጥ ከተተው። ሁለት ቀን አኮረፍኩ። ማንም መጥቶ አላባበለኝም። ሦስተኛው ቀን ሥራዬ ገባሁ።

አሁን የመጣሁበትን ልንገርዎት። ለማንም እንዳታነባት ያሉኝን አላነበብኩም። ለዱጉማ ግን በእሱም ደብዳቤ ላይ ስለ ድሬዳዋ ሳይጽፉለት አልቀሩም፤ በሦስተኛው ቀን የሥራ ልብሱን እንደ ለበሰ የአስተዳደሩን ቢሮ አንኳኩቶ፣ «ወንድሜ ለምንድን ነው የተሾመው?» ብሎ ጠየቀ። በመጀመሪያ ሻይ አዘዙለት። አልጠጣም። ቆሞ ጠበቀ። ነገሩት።

እኔም ነበርኩ፣ ሰምቻለሁ። አልነግርዎትም። ዱጉማ፣ «ፊቱን እያየሁ ነው የምነግረው፣ በባቡር አልክለትም» ብሏል። እኔ ግን የሰማሁት ከባድ ነው ወይስ ቀላል ነው ብዬ ራሴን ስጠይቅ፣ አሁንም ማለስለሻው ቃል አፌ ውስጥ ይመጣል። ስለዚህ ዝም።

ጥር 14 እሑድ በዘጠኝ ሰዓት ወደ አንደኛ ዲቪዚዮን የምናልፍበት ጨዋታ አለ፣ በእኛው ሜዳ። ዱጉማ አጥሩ ጥግ፣ ኮርነሩ አጠገብ ይቆማል። ይምጡ። ሲመልሱልኝ «እግዜር ካለ»፣ «እናያለን»፣ «ሥራ ካልያዘኝ» ብለው አይጻፉልኝ፤ የእነሱን ትርጉም አውቀዋለሁ። እመጣለሁ ወይም አልመጣም፣ ከሁለቱ አንዱን ብቻ በማክሰኞው ባቡር ይላኩልኝ።

አክባሪዎ ቀናው